ቁርጡን ንገረኝ

ወደቡ ዳር ያሉ፣ ጀልባ የሚያሰልፉ፣
"የኔታ ስሜነህ ሐይቁን ጨበጡት" ሲሉ፣ ወሬ ሲያተርፉ፣
እኔ ከሱቄ ውስጥ፣ የማጉያ ሽቦ ስበይድ፣
ዝም እላለሁ፣ ቃሌ እንዳይነጉድ።
ያየሁትን ብቻ ነው የምናገረው፤
ያላየሁትንማ ሐይቁ ይመስክረው።

ደቅ ደሴት ነበርን፣ ሰባት ተማሪዎች፣
በቁንጫ የተበላን፣ በበሶ አዳሪዎች።
መብራት አይፈቅዱም፤ ትምህርቱ በጨለማ፦
"ዐይን ሥራ ሲፈታ ነው ጆሮ የሚሰማ።"
ምልክቱን በጣት አያሳዩንም፣
"አጥኑት" አይሉንም፤
"ታዘዙት" ይላሉ።
አንድ ማታ ታዲያ፣ ዋንዛው ሲያራግፍ፣
"ይዘት" አሉ ቀስ ብለው፣ በጉሮሯቸው ጫፍ።
አንዲት ቅጠል ከመንገድ ቀረች፤
ሰው ይዟት እንደረሳት፣ አየሩ ላይ ቆመች።
"ድፋት" ሲሉ ደግሞ፣ ደንገሉ በሙሉ
ግንባሩን ውሃ ላይ ደፋ፣ ነፋስ ሳይኖር በመሃሉ።
ጉማሬ ሳይቀር ወጥቶ፣ እውነቴን ነው፣ ቆሞ አዳመጠ፤
ጎመናችን ግን ከአፉ አላመለጠ።

"ለምን አያዘወትሩት?" ብንል፣ ሳቅ አሉና፣
"ዜማ ዕዳ አለው፤ ከአፍ ነው የሚከፈል" ብለው ዝም አሉና፣
ገብተው ተኙ።

ነሐሴ አጋማሽ ነው። ቅዳሜ፣ ለዐይን ሲይዝ፣
ዘጠኝ ሰው፣ ሁለት ጆንያ ጨው የጫነ ታንኳ ከዘጌ ሲጓዝ፣
ማዕበሉ ተነሣ። ከዳር እንጮኻለን፣
"ቀኝ! በቀኝ!" እንላለን፤
ማን ሊሰማን።
የኔታ ጋቢያቸውን ጣሉ፣
እስከ ወገባቸው ገቡ፣ ለወትሮው የሚያስሉት ሰውዬ አንዴም ሳያስሉ፣
ይዘቱን ለቀቁት፤
ጣናን ጨበጡት።
ማዕበሉ ቆመ፣ እንደ ቤት ግድግዳ፤
በሆዱ ቆሮሶ ታየኝ፣ ተንጠልጥሎ፣ ግራ እንደገባው እንግዳ።
ታንኳይቱ በሥሩ ቀስ ብላ ተቀዝፋ፣
ዘጠኙም ወረዱ፣ ጨው እንኳ ሳይጠፋ።

በዚያች ሌሊት ሚስታቸውን ሲጠሩ፣
"አንጓች" ማለት አቃታቸው፤ "ንጓች" አሉ፣ አፈሩ።
"አ" ከአፋቸው ሄዳለች።
እሷ ግን ማሰሮዋን እንደያዘች፣
"አቤት!" ብላ መጣች፤
የጎደለችውን ፊደል ከራሷ አመጣች።
ሃያ ዓመት እንዲሁ ኖሩ፤
እሳቸው ከ"ን" ሲጀምሩ፣ እሷ "አ"ን ስታዋጣ፣ ስም እየሰፉ ሲያድሩ።

ዕዳው መቼ ቆመ?
አንበጣ የመለሱ ዕለት "ሰ" ሄደች።
ትን ያለው ሕፃን ሲተነፍስ፣ "መ" ተከተለች።
"ማን ልበል?" ሲላቸው መንገደኛ፣
ከ"ስሜነህ" የተረፈችውን፣ ጭራዋን ብቻ፣ "ነህ" ይሉታል፤
እሱም ባርኮት መስሎት ደስ ብሎት ያልፋል።

አንጓች ታመመች። ባሕር ዳር አመጣናት፤
ሐኪሙ ወረቀቱን አጥፎ፣ በዐይኑ ሸሻት።
"ይያዟት!" አልናቸው በመስኮቱ ሥር፣ "ጣናን የያዘ ሰው
አንዲት ሴት ያቅተዋል?" ብለን ወቀስነው።
ለካ ትሰማናለች።
"ያቺን ቅጠል" አለች፣
"ሃያ ዓመት ሳያት ኖርኩ፤ አትወድቅ፣ አትለመልም፤
መሬት እንደናፈቃት ሌላ ሰው አያውቅም።
ስሜነህ፣ ይዘቱን ተውና፣
ቁርጡን ንገረኝ።"

ጎንበስ ብለው በጆሮዋ አሉት።
ምን ይመስላል ብትሉኝ፣ ክር በጥርስ ሲበጥሱት፤
ይኸው ነው።
ደሴት የቀረው ልጅ ኋላ እንደነገረን፣ ቅጠሏም በዚያው ሰዓት ወረደች።
የኔታ ከዚያ ወዲያ አልተናገሩም፤ አንዲት ፊደል እንኳ ከእሷ አልተረፈች።
በዓመቱ፣ ደንገሉ መሃል፣ ተቀምጠው ተገኙ።

ትናንት፣ ለሠርግ የሚከራይ ማይክ ልሞክር፣
ገመዱን ዘርግቼ ከሐይቁ ዳር፣
"አንድ፣ ሁለት" ልል ነበር።
"አ" እንዳልኩ፣ ቀሪው ሳይወጣ፣
ከውሃው በኩል ጎርነን ያለ፣ ሳል የያዘው ድምፅ መጣ፦
"…ንጓች"።

ማጉያውን አጠፋሁ።
"አቤት" የሚል ካለ ብዬ፣ እስኪመሽ ቆየሁ።